ቴስተሩ 12 ቮልት እያሳየ ክላክሱ ለምን አይጮህም?

ክላክስ አልሠራ ሲል አብዛኛው ሰው በቀጥታ የመኪና መለዋወጫ ወደሚሸጥበት ሶማሌ ተራ ወርዶ ሌላ ክላክስ ይገዛል። እኔም ኮፈኑን ከመክፈቴ በፊት ያሰብኩት እሱኑ ነበር። ገዝቼ ቢሆን ኖሮ አዲሱም አይጮህም ነበር፣ ምክንያቱም የመኪናዋ ክላክስ ምንም አልሆነም።

መኪናዋ የ2002 ሞዴል ቪትዝ ናት። ለሳምንት ያህል ድምፁ እየታፈነ ቆየ፣ ላቫጆ ከታጠበች በኋላ ደግሞ ጭራሽ ጠፋ። ከፒያሳ በቸርችል ጎዳና ቁልቁል ወደ ለገሃር እየወረድኩ ስጫነው ከፊት በኩል ደካማ "ቅጭ" ብቻ ይሰማል። ሰው በየአቅጣጫው በሚሻገርበት መንገድ ላይ ያለ ክላክስ መንዳት ያስፈራል፤ ለቦሎ ምርመራ ስትገባም ክላክስ የሚታይ ነገር ስለሆነ እንደዚያው መተው አይቻልም።

ቴስተር (ቮልትና አምፒር መለኪያውን) ከማውጣቴ በፊት የቆምኩበትን ፓርኪንግ የሚያስከፍለውን ልጅ "ወንድሜ፣ እስቲ ገባ በልና ሦስቴ ተጫንልኝ" አልኩት። እኔ ጆሮዬን ወደ ፊውዝ ሳጥኑ አስጠጋሁ። ሪሌው፣ ማለትም በትንሽ ጅረት ተቀስቅሶ ትልቁን መስመር የሚያገናኘው ማብሪያ፣ ልጁ በተጫነ ቁጥር ጠቅ ይላል። ይቺ ድምፅ ግማሹን ሥራ ጨረሰችልኝ። የክላክስ መስመር በእውነቱ ሁለት መስመር ነው። ትንሹ ከመሪው መጫኛ ተነስቶ የሪሌውን ጥቅልል (ኮይል) ይቀሰቅሳል፤ የጥቅልሉ ሬዚስታንስ አብዛኛውን ጊዜ ከ60 እስከ 100 ኦም ስለሆነ የሚያልፍበት ከ0.2 አምፒር ብዙም አይበልጥም። ትልቁ ከባትሪ በፊውዝና በሪሌው መገናኛ አልፎ ክላክሱ ጋ ይደርስና በማሳ፣ ማለትም በመኪናው አካል በኩል፣ ወደ ባትሪው ኔጌቲቭ ይመለሳል፤ አንድ ክላክስ ብቻውን ከ3 እስከ 5 አምፒር ይወስዳል። ሪሌው ጠቅ ካለ መጫኛው፣ የመሪው ውስጥ ሽቦና የሪሌው ጥቅልል ደህና ናቸው ማለት ነው። መሪ መፍታት አያስፈልግም። ኤርባግ ያለበትን መሪ ከሁሉ አስቀድሞ የሚፈታ ባለሙያ ካጋጠማችሁ ሥራውን አስቁሙት።

በብዙ ቶዮታዎች የሪሌው ጥቅልልና መገናኛው ከአንድ ፊውዝ ስለሚመገቡ ጠቅታው ፊውዙም እንዳልተቃጠለ ይነግራል። የሌላ ፋብሪካ መኪና ከሆነ ግን ፊውዙን ነቅሎ ማየት ሳይሆን ቦታው ላይ እንዳለ በጀርባው ባሉት ሁለት ነጥቦች ላይ መለካት ይሻላል። የተሰነጠቀ ፊውዝ ለዓይን ደህና ይመስላል። ፊውዙ ከተቃጠለ በዚያው ልክ ይተካ፦ ቀዩ 10 አምፒር፣ ሰማያዊው 15፣ ቢጫው 20 ነው። በቀዩ ቦታ ቢጫ መሰካት ሽቦውን ፊውዝ ማድረግ ነው።

ቀጥሎ የክላክሱን ሶኬት ነቀልኩና ልጁ ሲጫን በቴስተር ለካሁ፦ 12.4 ቮልት። ባትሪው ራሱ 12.5 ነበር። ብዙ ሰው እዚህ ላይ "ኤሌክትሪክ ደርሷል፣ እንግዲህ ክላክሱ ሞቷል" ብሎ ይደመድማል። ቴስተር ግን ከመስመሩ የሚወስደው ጅረት ከምንም አይቆጠርም። ሽቦው ውስጥ አንዲት ክር ብቻ ብትቀር፣ ወይም ጫፉ በአረንጓዴ ዝገት ቢሸፈን እንኳ ሙሉ ቮልት ያሳያል። ክላክሱ 4 አምፒር ሲጠይቅ ነው ያቺ አንዲት ክር የምትከዳው።

ስለዚህ የምተማመንበት መሣሪያ የ21 ዋት የፍሬቻ አምፖል ነው፤ ሁለት ሽቦ የተበየደበት፣ ከየትኛውም መለዋወጫ ሱቅ የሚገኝ። ከ1.7 አምፒር በላይ ስለሚስብ የደከመ መስመርን ያጋልጣል። አንዱን ጫፍ የክላክሱ ሶኬት ውስጥ፣ ሌላውን ክላክሱ የታሰረበት ብረት ላይ አድርጌ አስጫንኩ። አምፖሉ ሊጠፋ ከተቃረበ ከሰል በላይ አልደመቀም። የብረቱን ጫፍ ብቻ አንስቼ በረጅም ሽቦ የባትሪው ኔጌቲቭ ላይ ሳደርገው ቦግ አለ። ጥፋቱ ማሳው ላይ ነው።

የዚህች መኪና ክላክስ አንድ ሽቦ ብቻ ነው ያለው፤ ኔጌቲቩን የሚያገኘው በታሰረበት ቡሎን በኩል ነው። ቡሎኑን ስፈታው ምክንያቱ ፊት ለፊት ታየ። መኪናዋ ከዓመታት በፊት ፊቷ ተመትቶ ፓራውልቱና ከኋላው ያለው ብረት እንደገና ተቀብተዋል። ቀቢው ክላክሱን ሳያነሳ አልቀባም፤ አንስቶ ቀብቶ፣ ብረቱን በቀለሙ ላይ መልሶ አስሮታል። ለዓመታት ግንኙነቱ የነበረው በቡሎኑ ጥርስ ብቻ ነው፣ ክረምቱ ሲመጣ እሱም ዛገ። ፊቱ ተሠርቶ የተቀባ መኪና ላይ ክላክስ ወይም የፊት መብራት ሲደክም ይህን ቡሎን ማየት ከሁሉም ይቀድማል እላለሁ።

በቁጥር 120 ብርጭቆ ወረቀት የሁለቱንም ብረት መጋጠሚያ ሳንቲም በሚያህል ስፋት እስኪያብለጨልጭ ፋቅሁት። ጥርስ ያለው ሮንዴላ ጨምሬ አሰርኩና ከታሰረ በኋላ ከላይ ቫዝሊን ቀባሁት። ቫዝሊኑ ኤሌክትሪክ አያስተላልፍም፤ ሥራው ውኃና አየር እንዳይገባ መከልከል ብቻ ስለሆነ ከመታሰሩ በፊት ደፍድፎ መቀባት ስህተት ነው። ለዋስትና ከክላክሱ ቡሎን ወደ አካሉ ሌላ ንጹሕ ቡሎን 1.5 ስኩዌር ሚሊሜትር ሽቦ ዘረጋሁ።

ክላክሱ ጮኸ። ግን ጉሮሮው እንደተዘጋ ሰው ነው የጮኸው።

አምፖሉም ወሰን እንዳለው የተማርኩት እዚህ ላይ ነው። በ1.7 አምፒር ቦግ ያለው መስመር በ4 አምፒር ሊደክም ይችላል። ስለዚህ ክላክሱ ተሰክቶ እየጮኸ ቴስተሩን በተለየ መንገድ ያዝኩት፦ ቀዩን ጫፍ በባትሪው ፖዘቲቭ፣ ጥቁሩን በክላክሱ ሶኬት ጀርባ በኩል በቀጭን መርፌ። ይህ አለካክ በመንገድ ላይ የጠፋውን ቮልት በቀጥታ ያሳያል። 1.6 ቮልት ወጣ። ከ0.5 በላይ ከሆነ መስመሩ ላይ ችግር አለ ብሎ መያዝ ይቻላል። በማሳ በኩል፣ ከክላክሱ ብረት እስከ ባትሪው ኔጌቲቭ፣ 0.1 ብቻ ነበር፤ እዚያ 0.2ን ባያልፍ ጥሩ ነው። መጀመሪያውኑ ክላክሱን ሳልነቅል ሁለቱን ጎን እንዲህ ለክቼ ቢሆን የማሳው ጥፋት በአምስት ደቂቃ ይገኝ ነበር።

1.6ቱ ቮልት የጠፋው ሶኬቱ ውስጥ ነው። ፕላስቲኩን ስከፍት የሴቷ ጫፍ (የክላክሱ እግር የሚሰካባት) አረንጓዴ ዱቄት ሆናለች፤ ሽቦው ደግሞ ከጫፉ 3 ሴንቲሜትር ያህል ወደ ውስጥ ጠቁሯል። ክላክስ ከፍርግርጉ ጀርባ ስለሚቀመጥ ከጎማ የሚረጨውን ጭቃ፣ ላቫጆ ላይ ደግሞ በግፊት የሚወረወረውን ውኃ ፊት ለፊት ይቀበላል። የጠቆረ መዳብ ላይ አዲስ ጫፍ መጭመቅ ዋጋ የለውም፤ መዳቡ ቀይ ሆኖ እስኪታይ ድረስ ቆረጥኩ። ሽቦው ስላጠረ በተመሳሳይ ውፍረት ቀጠልኩት፣ መገጣጠሚያውን በሊድ በየድኩት፣ ሲሞቅ የሚጨማደድ የፕላስቲክ ቱቦ አለበስኩት። ናስትሮ ብቻ ቢጠቀለልበት በበጋው ሙቀት ማጣበቂያው ቀልጦ ይላቀቃል። ሽቦውን ከሶኬቱ ዝቅ ብሎ ታጥፎ እንዲመለስ አድርጌ አሰርኩት፣ ውኃው ከታች እንዲንጠባጠብ እንጂ ሽቦውን ተከትሎ ሶኬቱ ውስጥ እንዳይገባ። እንደገና ስለካ 0.2 ቮልት።

የቀረችው ትንሽ ሻካራነት የክላክሱ የራሱ ነበረች። ከጀርባው ትንሽ ማስተካከያ ብሎን አለ፤ ውስጥ ያለውን መገናኛ ክፍተት ነው የሚቆጣጠረው። የጫፉ ቅርጽ እንደ አሠራሩ ይለያያል፣ በእኔው ካቻቢቴ በቃው። በሩብ ዙር ውስጥ፣ በጥቂት በጥቂቱ፣ በየመሀሉ ከአንድ ሴኮንድ ላልበለጠ ጊዜ እያስጮሁ አዞርኩት። በአንዱ አቅጣጫ ድምፁ ይቀጥናል፣ አለፍ ካለ መገናኛው ስለማይላቀቅ አንዴ ጠቅ ብሎ ዝም ይላል፤ በዚያ ሁኔታ ተጭኖ መቆየት ጥቅልሉን ወይም ፊውዙን ያቃጥላል። የቴስተሩን ቀይ ሽቦ በ10 አምፒሩ ቀዳዳ ሰክቶ፣ ቴስተሩን በክላክሱ መስመር መሀል አስገብቶ ጅረቱን እያዩ ማስተካከል ይበልጥ ያስተማምናል። ድምፁ ሲጠራ ብሎኑን በጥፍር ቀለም ዘጋሁት።

ሪሌው ጠቅ ባይል ኖሮ መንገዱ ሌላ ነበር። መጀመሪያ እዚያው ሳጥን ውስጥ ካሉት ሪሌዎች አንድ ዓይነት ቁጥርና የእግር አቀማመጥ ያለውን አውጥቶ መለዋወጥ፤ አንድ ደቂቃ አይፈጅም። ያም ካልሆነ መሪው ላይ ምልክቶቹን ማየት። መሪው ወደ አንድ ጎን ሲዞር ብቻ የሚጮህ ከሆነ፣ ወይም ክላክሱ ሲጠፋ የኤርባግ መብራትም አብሮ ከበራ፣ ጥርጣሬው ከመሪው ጀርባ ያለው ጥቅል ሪባን ሽቦ ላይ ነው። ይህን የሚሠራ ሰው የባትሪውን ኔጌቲቭ ነቅሎ ቢያንስ 90 ሴኮንድ መጠበቅ አለበት። የኤርባጉን ቢጫ ሶኬት በቴስተር ኦም መለካት ፈጽሞ አይቻልም፤ ከቴስተሩ የሚወጣው ትንሽ ጅረት ሊያፈነዳው ይችላል። ጎማዎቹ ቀጥ ብለው ሳይቆሙ ከተፈታና መሀሉን ስቶ ከተገጠመ አዲሱ ሪባን መሪው እስከ ጫፍ ሲዞር ሊበጠስ ይችላል። ኤርባግ የሌላቸው አሮጌ ኮሮላዎች ላይ ግን ነገሩ ቀላል ነው፦ የመዳብ ቀለበትና በስፕሪንግ የምትገፋ ጣት ብቻ ናቸው፣ ጠርጎ ስስ ግራሶ መቀባት ይበቃል።

ሌላው የእኛ አገር ጉዳይ መሪያቸው ከቀኝ ወደ ግራ የተዛወረ መኪኖች ናቸው። በዳሽቦርዱ ሥር የተቀጠለው ሽቦ ውስጥ የክላክሱም አለበት፤ በእጅ ተጠምዝዞ ናስትሮ የተጠቀለለበት መጋጠሚያ ከተገኘ ከሌላው ሁሉ በፊት እሱን መሥራት ነው። በኋላ የተገጠመ አላርምም ብዙ ጊዜ የክላክሱን ሽቦ ቆርጦ ወይም ልጦ ነው የሚገባው። ማታ በገዛ እጁ የሚጮህና የማይቆም ክላክስ ካለ መንስኤው ወይ እሱ ነው፣ ወይ መገናኛው የተጣበቀ ሪሌ፤ ለጊዜው ሪሌውን መንቀል ጎረቤትን ያስተኛል።

ክላክሱ በእርግጥ ሞቶ ከሆነስ? ነቅሎ በሁለት ሽቦ፣ አንዱ ላይ ፊውዝ አስገብቶ፣ ባትሪ ላይ በቀጥታ መሞከር ነው። እዚያም ካልጮኸ ሶማሌ ተራ መውረድ ተገቢ ነው። ሻጩ "ጋሼ፣ ኦሪጅናል ነው፣ አይሞከርም" ካለ ትቶ መሄድ፤ ባትሪ የሌለበት የመለዋወጫ ሱቅ የለም። ጀርባው ላይ 12 ቮልት የሚለው ይታይ። ከሲኖትራክ የወረደ የ24 ቮልት ክላክስ በቤት መኪና ላይ ያንሾካሹካል እንጂ አይጮህም። የማስተካከያው ብሎን ማሸጊያ ቀለም ከተሰነጠቀ ሌላ ሰው ነካክቶታል። ጥንድ ከሆነ አንዱ ወፍራም አንዱ ቀጭን ድምፅ ይሁን፤ ሁለቱም አንድ ዓይነት ከሆኑ ድምፃቸው ደስ አይልም። ሲገጠም ደግሞ ቀንድ አውጣ መሳዩ አፉ ወደ ታች ይመልከት፣ ጠፍጣፋው ከታሰረበት ስስ ብረት በቀር ምንም አይንካ። ፓራውልቱን ከነካ ድምፁ የተሰነጠቀ ብርጭቆ ይሆናል።

የእኔን ቪትዝ ከሦስት ሳምንት ዝናብ በኋላ እንደገና ለካኋት። በፖዘቲቭ በኩል 0.2፣ በማሳው 0.1፣ እንደነበሩ ናቸው። ላቫጆ ስገባ ግን አሁንም ፍርግርጉ ላይ ውኃውን ከቅርብ እንዳይለቁበት እነግራቸዋለሁ።