አበሬሽን

ሰሞኑን አንድ የእንግሊዝኛ ቃል ከአእምሮዬ አልወጣ ብሏል፦ አበሬሽን። ከተለመደው ያፈነገጠ፣ ከመስመር የወጣ ነገር ማለት ነው። ዜና ላይ አብዛኛውን ጊዜ የምሰማው አንድ ኃላፊ መሥሪያ ቤቱ ውስጥ የተፈጸመን ጥፋት «አንዴ የተከሰተ ነው፣ እኛን አይወክልም» ማለት ሲፈልግ ነው። ያበሳጨኛል። ቃሉ ከተነገረ በኋላ ለምን ተፈጠረ ብሎ የሚጠይቅ የለም።

ምንጩ ላቲን ነው። «አብ» መለየትን፣ ከአንድ ነገር መራቅን ያመለክታል፤ «ኤራሬ» ደግሞ መባዘን፣ መንገድ ስቶ መንከራተት ነው። በእንግሊዝኛ ስህተት ማለት የሆነው ኤረርም ከዚሁ ግንድ የወጣ ነው። የእኛ ስህተትስ? በግዕዝ ስሕተ ማለት መንገድ ሳተ፣ ተሳሳተ ነው። ሁለት የማይዛመዱ ቋንቋዎች ጥፋትን በመንገደኛ መስለውታል፣ ይህ በጣም ደስ ይለኛል።

ከሁሉም በላይ የምወደው ግን ቃሉ ወደ ሥነ ፈለክ የገባበት ታሪክ ነው። በ1725 እ.ኤ.አ. ሳሙኤል ሞሊኒው እና ጄምስ ብራድሊ የተባሉ የሥነ ፈለክ ተመራማሪዎች ለንደን አጠገብ ኪው ላይ ሽቅብ የሚያይ ቴሌስኮፕ ተክለው ጋማ ድራኮኒስ የተባለችውን ኮከብ መከታተል ጀመሩ። ምድር ፀሐይን የምትዞር ከሆነ ኮከቧ በዓመት ውስጥ ትንሽ ፈቀቅ ስትል መታየት አለባት፣ ሐሳባቸው ይሄ ነበር። ፈቀቅስ አለች፤ ግን ወዳልጠበቁት አቅጣጫ! ብራድሊ ምስጢሩን ያገኘው በ1728 ነው። ብርሃን ፍጥነት አለው፣ ምድርም ትሮጣለች፣ ስለዚህ ነፋስ በሌለበት ዝናብ ፈጠን ብሎ የሚሄድ ሰው ጃንጥላውን ወደፊት እንደሚያዘነብል ሁሉ ቴሌስኮፑም በጣም በጥቂቱ መዘንበል ነበረበት። አንድ ዲግሪ 3600 ቦታ ቢከፈል 20 ያህሉን ብቻ። ከዚህች ተነስቶ የፀሐይ ብርሃን እኛ ጋ ለመድረስ 8 ደቂቃ ከ12 ሰከንድ እንደሚፈጅበት አሰላ፣ ዛሬ ከሚታወቀው የሚለየው በሰከንዶች ነው።

ይህን ክስተት አበሬሽን ብሎ ስም ያወጣለት በጣሊያን የቦሎኛ ከተማው የሥነ ፈለክ ሊቅ ኤውስታኪዮ ማንፍሬዲ ነው፣ በ1729። በላቲን የጻፈው ርዕስ «የማይባዝኑት ከዋክብት ዓመታዊ መባዘን» እንደማለት ነው፤ ሮማውያን ፕላኔቶችን ባዛኞች፣ ሌሎቹን ከዋክብት ደግሞ የማይባዝኑ ይሏቸው ነበርና። መባዘኑ ለካ የተመልካቹ ነው! የምንሮጠው እኛ ሆነን ሳለ ስሙ ለኮከቧ ተሰጠ።

መሐንዲሶችም ቃሉን ይጠቀሙበታል፣ እነሱ ግን ሲሉት ይለኩታል። በ1990 ሐብል ቴሌስኮፕ ወደ ጠፈር ወጥቶ የላከው ምስል የደበዘዘ ሆነ። የዋናው መስታወት ጠርዝ 2 ማይክሮን (የሚሊሜትር ሁለት ሺህኛ) ያህል ከሚገባው በላይ ጠፍጥፎ ነበር፤ ምስል የሚያደበዝዝ እንዲህ ያለውን ጉድለት ነው አበሬሽን የሚሉት። በዚያ አላቆሙም፤ ፈትሸው ፈትሸው መስታወቱን ለመፈተን ያገለገለው መሣሪያ ውስጥ አንድ ሌንስ 1.3 ሚሊሜትር ከቦታው ርቆ መገጠሙን ደረሱበት። በዲሴምበር 1993 ጠፈርተኞች ሄደው ማስተካከያውን ገጠሙለት፣ ምስሉም ጠራ።