የክርስትና ስሙ ብቻ

ከሰዓት በኋላ ጀምሮ ሆዴ ሲባባ ዋለ። ሰማዩም ጠቁሯል፤ የእሱ ይሆን እያልኩ ነው ቤት የገባሁት።

ሁለተኛውን የዓለም ጦርነት ሳስተምር የቁጥር ክምር ልጆቹን እንደማይነካቸው ካየሁ ሰነበትኩ። ዛሬ ኮምፒውተር ክፍል ወስጄ የኮመንዌልዝ (የብሪታንያና የግዛቶቿ) የጦር መቃብሮች ኮሚሽንን የሙታን መዝገብ አስፈተሽኋቸው። የሁለቱን የዓለም ጦርነቶች 1.7 ሚሊዮን ያህል ሟቾች ይዟል። በ1933 ዓ.ም. ኤርትራ ውስጥ ከረን ላይ ከጣሊያን ጋር ሲዋጉ የወደቁትን ፈልጉ አልኳቸው። ከኋላ ተቀምጦ ሁልጊዜ የሚያንቀላፋው ልጅ አንድ የሕንድ ወታደር ላይ ዐይኑን ተከለ። የአባቱ ስም አለ፤ የመንደሩ ስም አለ፤ ዕድሜው 20። "መምህር፣ የወንድሜ እኩያ እኮ ነው" አለኝ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። ስንት ዓመት ያስተማርኩት ይህችን አንዲት ቃል ለመስማት ነበር።

አጠገቡ ያለችው ልጅ የአርበኛ ቅድመ አያቷን ስም ጻፈች። መዝገቡ የቤተሰብ ስም ይጠይቃል፤ የአባታቸውን ስም አስገባችለት። ምንም አልወጣም። የኮመንዌልዝ ጦር መዝገብ ስለሆነ የእኛን አርበኞች አይጨምርም አልኳት። የራሱንም ቢሆን አላዳረሰም፤ በአንደኛው ጦርነት ከሞቱለት መካከል ቢያንስ 116,000፣ ምናልባትም እስከ 350,000 የሚደርሱ፣ አብዛኞቹ የምሥራቅ አፍሪካና የግብፅ ሰዎች፣ በስማቸው እንዳልታሰቡ ኮሚሽኑ ያመነው በ2013 ዓ.ም. ነው።

"ታዲያ የእኛዎቹ የት ተጻፉ?" አለች።

ስድስት ኪሎ ሐውልቱ ሥር በየዓመቱ አበባ እናኖራለን፤ የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. እንላለን፤ 30,000 እንላለን። ስም በስም ጥሩ ብንባል ስንቱን እንጠራለን? እኔ የታሪክ መምህሩ አንድ ሰው ብቻ አለኝ፤ የአያቴ ወንድም። በዚያ ቀን ከቤት ወጥቶ ቀረ። አያቴ በዳዊቷ የመጀመሪያ ገጽ ላይ በቀይ ቀለም አስጽፋዋለች። ቄሱ በፍትሐት እንዲጠሩት ነውና ያለው የክርስትና ስሙ ብቻ ነው። እናቱ ምን ብላ ትጠራው እንደነበር የሚያውቅ ዛሬ በሕይወት የለም። ለምን አልጠየቅኋትም? ሃያ ዓመት አብሬያት ኖሬያለሁ።

አሁን ደብተር ከፍቼ እንደዚያ መዝገብ አሰመርኩ። ስም፦ የክርስትናውን ጻፍኩ። ዕድሜ፦ "ጢሙ ገና ማቀምቀም ጀምሮ ነበር" ትል ነበር፤ እንዳለ አሰፈርኩት። የሞተበት ቀን። የወጣው 12 ነው፤ ግድያው ሦስት ቀን ዘልቋል። የትኛውን ልጻፍ?