የጾም ዘይት፣ የላም ፋጉሎ

የምኖረው ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም ነው። ወደ አዳማ የሚወስደው የፍጥነት መንገድ የሚጀምረው እዚሁ ሰፈራችን ነው፤ የአገራችን የወጪና ገቢ ንግድ ከ90 በመቶ በላይ በጅቡቲ ወደብ ስለሚያልፍም፣ ከባሕር ማዶ የመጣው ዕቃ አብዛኛው ወደ ከተማዋ የሚገባው በደጃችን ነው ማለት ይቻላል። ልጆቼ የኮንቴይነሮቹን ቀለም እየቆጠሩ አድገዋል። እነዚህ የጭነት መኪናዎች ከጾሜ ጋር ምን እንደሚያገናኛቸው እኔ የገባኝ ግን በ2014 ዓ.ም. ነው።

በዚያ ዓመት ዐቢይ ጾም የገባው የካቲት 21 ቀን ሲሆን፣ ሩሲያ ዩክሬንን የወረረችው ደግሞ ከዚያ አራት ቀን ቀደም ብላ ነበር። ሁለቱ አገሮች የሱፍ አበባ ዘይት ለዓለም ገበያ በማቅረብ ግንባር ቀደም ስለነበሩ፣ የእነርሱ ዘይት ሲታጎል ገዢው ሁሉ ወደ ፓልም ዘይት ዞረ፤ ዋጋውም እኛ የጾም ሽሯችንን ማቁላላት በጀመርንበት ሰሞን ሽቅብ ወጣ። መንግሥት አስመጪዎች በራሳቸው የውጭ ምንዛሪ ዘይት እንዲያስገቡ በፍራንኮ ቫሉታ ፈቅዶ ነበር፤ ይሁን እንጂ በሰፈራችን ሱቆች ባለ 5 ሊትሩ ጀሪካን 1000 ብር ሲሻገር በዓይኔ አይቻለሁ። መጋቢት 24 ቀን ረመዳን ገባና ሁለቱ ጾሞች ተደራረቡ። በስቅለት ዕለት፣ ሚያዝያ 14 ቀን፣ እኛ ስንሰግድ በዋልንበት ቀን፣ ኢንዶኔዥያ የፓልም ዘይት ወደ ውጭ እንዳይላክ ልትከለክል መሆኑን አስታወቀች። ክልከላው ከሚያዝያ 20 እስከ ግንቦት 15 ጸና። ምክንያቱ ደግሞ ከእኛ ችግር የራቀ አልነበረም፤ የዚያ አገር ሕዝብም በረመዳን የሚጠብስበት ዘይት ተወድዶበት ነበር።

በብሎካችን ምድር ላይ የምትኖረው ሙስሊም ጎረቤቴ በረመዳን ለአፍጥር የሚሆን የምስር ሳምቡሳ እየጠበሰች ትሸጣለች። በዚያ ሰሞን የሸማቾች ኅብረት ሥራ ማኅበሩ ሱቅ ደጃፍ ላይ ወረፋ ስንጠብቅ፣ “እናንተ ቀን ቀን ታቁላላላችሁ፣ እኛ ማታ ማታ እንጠብሳለን፤ ታዲያ ዘይቱ መቼ ይረፍ፣ የኔ እህት?” አለችኝ። ሳምቡሳው ላይ ዋጋ መጨመር ከብዷት፣ በየሳምንቱ እያሳነሰች ትጠቀልለው ነበር። ደንበኞቿ ነገሩን ቢያውቁም በጾም ሰዓት የሚከራከር አልነበረም።

በእኛ ደብር ስብከት ላይ ጥፋቱ ሁሉ ወደ ነጋዴው ዞረ። ዘይት የሚሸሽግ ነጋዴ አልነበረም አልልም፤ ነበረ። ነገር ግን የዋጋው ነገር በነጋዴው ስግብግብነት ብቻ የሚፈታ ቢሆን ኖሮ፣ ጉዳዩ ንስሐ በገባና ባልገባ ባለሱቅ መካከል ያበቃ ነበር። እኔን ያሳሰበኝ ሌላ ነው። ቤተ ክርስቲያናችን ሰባት አጽዋማት ትቆጥራለች፤ ምእመኑ ሁሉ የሚጾማቸው ቀናት በዓመት 180 ገደማ ሲሆኑ፣ ካህናትና መነኮሳት የሚጾሟቸው ሲታከሉ እስከ 250 ይደርሳሉ። የዓመቱን ግማሽ ያህል በዘይት የምንኖር ሰዎች ነን ማለት ነው፤ ያ ዘይት ደግሞ በአብዛኛው ከማሌዥያና ከኢንዶኔዥያ በመርከብ የሚመጣ ነው።

ጾም፣ ጸሎት፣ ምጽዋት እየተባለ ሦስቱ አብረው የሚጠሩት ያለ ነገር አይደለም። ጿሚው ከማዕዱ ያጎደለውን ለተራበው እንዲሰጥ ነው፤ ስለዚህ የጾም ማዕድ ከፍስኩ ይልቅ ርካሽ መሆን ነበረበት። አያቴ በዐቢይ ጾም የምትበላው ቆሎ፣ ንፍሮ፣ የተልባ ፍትፍትና የሱፍ ፍትፍት ነበር፤ ዘይቱን ከፍሬው ሳትለይ፣ ወቅጣ በጥብጣ ትበላው ነበር እንጂ ጀሪካን አታውቅም። ዛሬ እኔ ቤት ወጡ ላይ ዘይት ካልተንሳፈፈ እንግዳ ፊት አይቀርብም። ታች ካፌው ውስጥ “የጾም ኬክ” የሚባለውን በአትክልት ቅቤ የተሠራ ኬክ የሚበላ ሰውም ሕግ አላፈረሰም፤ ነገር ግን ኬኩ ከወትሮው ኬክ አይረክስም፤ ከምን ላይ አጉድሎ እንደሚመጸውት ግራ ይገባኛል። እኔም ብሆን ያን ኬክ ገዝቼ አውቃለሁና ለወቀሳ የሚበቃ አፍ የለኝም።

ስለ ኑግ ያስረዳችኝ ከገላን በኩል ወተት የምታመጣልን ላም አርቢ ናት። እርሷ ጾምን የምታየው ከሌላኛው ወገን ነው፤ ጾም ሲገባ ደንበኞቿ ይሸሿታል። “ላሟ ጾም አታውቅ፤ ትበላለች፣ ትታለባለች፤ የሚጾመው ገዢው ነው” ትላለች። በዐቢይ ጾም 55 ቀን ሙሉ ወተቱን እያረጋች ትንጣለች፤ ቅቤውንም ለፋሲካ ታቆያለች፤ ስለዚህ ለእርሷ ጾም ማለት ገንዘብ ሳይገባ መኖ የሚገዛበት ወራት ነው። የመኖው ዋና ነገር ደግሞ ፋጉሎ ነው፤ ኑግ ተጨምቆ ዘይቱ ሲወጣለት የሚቀረው አሰር። “እናንተ የኑግ ዘይት በበላችሁ ጊዜ ላሜ ፋጉሎ ትበላለች። የፓልም ዘይት ግን ፋጉሎ የለውም፤ አሰሩ እዚያው በወጣበት አገር ይቀራል” አለችኝ። ብዙ ዓመት በምግብ ዋጋ ላይ ሳጉረመርም ኖሬ ይህ ነገር አንድም ቀን ትዝ ብሎኝ አያውቅም ነበር። ጿሚው ዘይቱን፣ ላሟ አሰሩን ስትካፈል፣ ጾሙ ሲፈታ ደግሞ ወተቱና ቅቤው ወደ ጿሚው ሲመለስ፣ ጾምና ፍስክ በአንድ የኑግ ማሳ ላይ ይገናኙ ነበር። የጀሪካኑ ዘይት ይህን ዙር በመካከሉ ቆረጠው።

ኑጉ ግን አገር ጥሎ አልጠፋም። ኢትዮጵያ ኑግን ወደ ውጭ ትልካለች፤ አሜሪካኖች ይገዙትና በየግቢያቸው ለዱር ወፎች መመገቢያ ይሰቅሉታል፤ ከመሸጡ በፊትም አብሮት የተቀላቀለ የአረም ዘር እዚያ አገር እንዳይበቅል በሙቀት ይታከማል። ወፍ ለመመገብ ገንዘብ የሚያወጣ ሰው ላይ ቂም የለኝም፤ ለአገራችንም ምንዛሪ ያመጣል። በዚያው ምንዛሪ ተመልሰን የፓልም ዘይት መግዛታችን ግን ከማስገረም አልፎ ያስቃል። ከሞጆና ከቢሾፍቱ ቄራዎች ተነሥቶ ወደ ቦሌ የሚጓዘው፣ ሙስሊሞች አርደውት ወደ ዱባይና ወደ ጅዳ የሚበረው የበግና የፍየል ሥጋም እንዲሁ ነው፤ ሰፈራችን ሥጋ ቤቱን ዘግቶ በሚጾምበት ሰሞን ማቀዝቀዣ መኪናዎቹ በአጠገባችን ይሄዳሉ።

እንዲህም ሆኖ የፓልም ዘይትን ለመርገም አልደፍርም። ኑግ በኪሎ ገዝቶ ማስጨመቅ የማይችለው፣ በቀን ሥራ የሚያድረው ጎረቤቴ ልጆቹን በዘይት የተቁላላ ወጥ ያበላው በዚያው ዘይት ነው። መንግሥት በሸማቾች ማኅበር በኩል በተመን ሲያከፋፍለው የነበረውም በአብዛኛው እርሱ ነው። ችግሩ ርካሽነቱ በሌላ እጅ መሆኑ ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ሲደረግ፣ ከ57 ብር ገደማ የነበረው አንድ ዶላር በሳምንታት ውስጥ 100 ብር ተሻገረ፤ ፍልሰታ የሚገባው ደግሞ ነሐሴ 1 ቀን ነበር። ሱባኤ ይዘን ስለ ዘይት ዋጋ የምናወራ ሆንን።

ባለፈው ዓመት፣ ዐቢይ ጾም ከመግባቱ በፊት፣ እኔና ሳምቡሳ የምትጠብሰው ጎረቤቴ ከላም አርቢዋ ጋር ተመካክረን አንድ ኩንታል ኑግ በጋራ ገዝተን አነስተኛ ዘይት መጭመቂያ ቤት ወሰድን። የወጣው ዘይት 30 ሊትር አልሞላም። ዋጋውን ስናሰላ ከጀሪካኑ ይብስ ነበር፤ ፋጉሎው ተሽጦ ልዩነቱን ካጠበበው በኋላም ቢሆን አልረከሰም። እኔ ዘይቱን ለሽሮና ለምስር ወደድኩት፤ ልጆቼ ሽታው አስጠላን ብለው ሁለት ቀን አኮረፉ። ጎረቤቴ ሳምቡሳ ሞከረችበት፤ ቀለሙ ጠቆረባትና፣ ደንበኛ እንዳይሸሻት ፈርታ የእርሷን ድርሻ ለቤቷ ወጥ አደረገችው፤ ለሽያጩ ወደ ጀሪካኑ ተመለሰች። ላም አርቢዋ ፋጉሎውን በሁለት ማዳበሪያ አስጭና ሄደች። ዘንድሮም እንድንገዛ ከእኛ ይልቅ የምትወተውተን እርሷ ናት፤ የኑግ ዋጋ ከመወደዱ በፊት ወስኑ እያለች ሁለት ጊዜ ደውላልኛለች።