በቀመሩ ውስጥ የተቀበረው 57

ሰኔ 2016 መጨረሻ ላይ ከየወረዳው ለመጡ የገንዘብ ጽሕፈት ቤት ባለሙያዎች ስለ አገር አቀፍ የበጀት ጉድለትና የመንግሥት ዕዳ ሥልጠና ሰጥቼ ነበር። ቦታው ባሕር ዳር፣ በመስኮቱ ጣና ወለል ብሎ የሚታይበት አዳራሽ ነው። ርእሱ ለወረዳ ሰው ሩቅ ይመስላል እንጂ አይደለም። ለወረዳ የሚደርሰው የድጎማ በጀት ከክልል፣ የክልሉም ጉልህ ድርሻ ከፌዴራል ነው የሚመጣው፤ ዕዳ ክፍያው ከፌዴራሉ ቋት አስቀድሞ የሚወስደው ብር እዚህ ታች ለመምህርና ለጤና ጣቢያ ሳይደርስ ይቀራል።

ሁለቱ ቃላት እንዳይምታቱ ብዬ ጣናን በምሳሌ አነሣሁ። ጉድለት የአንድ ዓመት ነው፤ ከሐምሌ 1 እስከ ሰኔ 30 መንግሥት ከሰበሰበው በላይ ያወጣው። ግልገል አባይ፣ ርብና ጉማራ በክረምት ይዘውት እንደሚመጡት ውሃ ማለት ነው። ዕዳ ደግሞ የዓመታቱ ጥርቅም ነው፤ የሐይቁ ከፍታ። ከዚያ የአምስት ዓመት ትንበያዬን በግድግዳው ላይ አሳየሁ። ያለፈው ዓመት ዕዳ፣ ሲደመር የዘንድሮ ጉድለት፤ የሚቀጥለውም እንዲሁ።

ከጣና ዳር ወረዳ የመጡ፣ በሒሳብ ሥራ ያረጁ አንዲት እናት እጃቸውን አወጡ።

«ልጄ፣ ይኼ የውጭ ብድር የተበደሩት በዶላር አይደለም? በብር የጻፍኸው በስንት መንዝረህ ነው?»

«አሁን ባለው ተመን ነው እትዬ፤ 57 ብር አካባቢ።»

«ለአምስቱም ዓመት?»

«አዎ። ዝርዝሩን ከሰዓት እንመለስበታለን» ብዬ አለፍኩ። ከሰዓት ግን አልተመለስኩበትም።

ለሻይ ስንወጣ እሳቸው ራሳቸው ጠሩኝ። ወንድማቸው ዓሣ አስጋሪ ነው። በ2009፣ ዶላር 22 ብር ገደማ በነበረበት ጊዜ፣ ለጀልባው ሞተር መግዣ አሜሪካ ካለ ዘመዱ 1,500 ዶላር ተበደረ፤ ያኔ 33,000 ብር መሆኑ ነው። ዓሣ እየሸጠ ግማሹን ከፈለ። በፕሮግራሙ ወረቀት ጀርባ የቀረውን 750 በ57 አባዝተው አሳዩኝ፦ 42,750 ብር። ግማሹን ከፍሎ እንኳ የቀረው መጀመሪያ ከወሰደው ይበልጣል።

«ጣና ወንዝ ካልገባበት አይሞላም። ዕዳ ግን ምንም ሳትበደር ይሞላል» አሉኝ። ነገሩ ገብቶኝ ነበር። ተመኑ በአንድ ጊዜ ብዙ ይርቃል ብዬ ስላላሰብኩ ግን ሠንጠረዡን አልነካሁትም፤ ለሠልጣኞቹ እንዳለ ተላከላቸው።

ሰኞ፣ ሐምሌ 22 ቀን፣ የምንዛሪ ተመኑ በገበያ እንዲወሰን ተደረገ። ያን ዕለት ንግድ ባንክ ላይ ዶላር 74 ብር ገባ፤ በሳምንታት ውስጥ 100ን አለፈ። በጀት ዓመቱ ከተጀመረ ገና 22 ቀኑ ነው።

ማታ ኤክሴሉን ከፈትኩ። ተመኑን ልቀይር ብፈልግ የተመን ረድፍ የለም። 57 በየዓመቱ ቀመር ውስጥ ተቀብራለች፤ ሠንጠረዡን የሚያነብ ሰው ትንበያው በእሷ ላይ መቆሙን የሚያውቅበት መንገድ አልነበረውም። ይህ የእኔ ጥፋት ነው፤ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። አንድ ሴል ሳትጨምር ብዙ ነገር የምትደብቅ ቁጥር ናት።

ዓይኔን የገለጠልኝ አገሪቱ በ2007 የሸጠችው የ1 ቢሊዮን ዶላር ቦንድ (የብድር ሰነድ) ነው። ወለዱ 6.625 በመቶ፣ በዓመት 66.25 ሚሊዮን ዶላር። በ57 ሲመነዘር ዋናው ዕዳ 57 ቢሊዮን ብር፣ የዓመት ወለዱ 3.8 ቢሊዮን ገደማ ነው። በ120 ሲሆን ዋናው 120 ቢሊዮን፣ ወለዱ ወደ 8 ቢሊዮን ይጠጋል። በዶላር አንድም ሳንቲም አልጨመረም። ግብር የሚሰበሰበው ግን በብር ነው፤ ያው ወለድ ከግብር የሚጠይቀው ከእጥፍ በላይ ሆነ ማለት ነው። ጉድለትን ብቻ የሚደምር ትንበያ ይህን አያየውም።

ሌላም ያልነገርኳቸው ነገር ነበር። ዕዳ ከባድ ወይም ቀላል የሚባለው ከጥቅል የአገር ውስጥ ምርት፣ አገሪቱ በዓመት ከምታመርተው ሁሉ ድምር፣ ጋር ተነጻጽሮ ነው፤ ምርቱ በብር ሲተመን ዋጋ በናረ ቁጥር እሱም ይተልቃል። ስለዚህ ዕዳው በብር እያደገ ድርሻው በመቶኛ ሊወርድ ይችላል። ሁለቱንም ጎን ለጎን ያላሳየ ሰው ወይ ያስደነግጣል ወይ ያዘናጋል።

ሠንጠረዡን እንደገና ሠራሁት። የምንዛሪ ተመኑን ከላይ አውጥቼ ቢጫ ቀባሁት፤ ወለዱን ለየሁት፤ የብር ዋጋ ባለበት ቢቆይ፣ ቀስ እያለ ቢወርድ፣ በአንዴ ቢወርድ ብዬ ሦስት ዓምድ አደረግሁ። ለሁሉም ሠልጣኝ «የፊተኛው ስሕተት ነበረበት፣ ስሕተቱ የእኔ ነው» ብዬ ላክሁ። ለእኚያ እናት ግን ደወልኩ። «አግባብ ነው» ብቻ አሉኝ።

ከወራት በኋላ፣ ለኢትዮጵያ ንግድ ባንክ የ900 ቢሊዮን ብር የመንግሥት ቦንድ በጸደቀ ሰሞን፣ ስልኬ ጠራ፤ እሳቸው ናቸው። የመንግሥት የልማት ድርጅቶች ከባንኩ የተበደሩት በቦንዱ በመንግሥት ስም መዞሩን ሰምተዋል።

«ልጄ፣ ይኼም በጉድለት በኩል አልገባም። የትኛው ረድፍ ላይ ነው ያለው?»

ኤክሴሉን ከፈትኩ። ረድፉ አልነበረም። ስልኩን ሳልዘጋ ጨመርኩት፤ ስሙን ምን እንደምለው እሳቸው ነገሩኝ፦ «ከጉድለት ውጭ የመጣ ዕዳ»።