ብልጭ ድርግም የሚለው የኮርኒስ መብራት

በአማርኛ «መብራት» ኃይሉም ነው፣ አምፖሉም ነው። «መብራት የለም» ስንል የሰፈሩ ትራንስፎርመር ይሁን የሳሎኑ ፓነል ቃሉ ብቻውን አይለይም። ስለዚህ አንድ ክፍል ሲጨልም መጀመሪያ መለየት ያለበት ይኸው ነው። ሌላው ክፍል ይበራል? እዚያው ክፍል ያለው ሶኬት ስልክ ቻርጅ ያደርጋል? ብሬከሩ ወርዷል? ይህን ማየት ግማሽ ደቂቃ አይፈጅም፤ ሳይታይ ሲቀር ግን ደህና መብራት ተነቅሎ ይጣላል።

የዛሬው ማስታወሻ ስለ ኤልኢዲ የኮርኒስ መብራት ነው፤ ክብ ወይም አራት ማዕዘን ሆኖ 12፣ 18 ወይም 24 ዋት የሚል የተጻፈበት። ውስጡ ሲከፈት ሦስት ነገር አለ። ነጩ ፕላስቲክ ክዳን፣ ቢጫ ቢጫ ኤልኢዲዎች የተደረደሩበት የአሉሚኒየም ቦርድ፣ እና 220 ቮልቱን ተቀብሎ ቦርዱ ወደሚፈልገው ዲሲ የሚቀይረው ትንሹ ሳጥን፣ ድራይቨሩ። ስስ በሆኑት ፓነሎች ኤልኢዲዎቹ መሀል ላይ ሳይሆን ጠርዙን ዞረው ነው የተለጠፉት። ክዳን መብራት አያጠፋም፤ ስለዚህ ጥያቄው ሁልጊዜ «ቦርዱ ነው ወይስ ድራይቨሩ?» የሚል ነው። እዚህ ላይ ነው ብዙ ሰው የሚሳሳተው፤ ሁለቱ አንዱ የሌላውን ጥፋት ይሸከማሉና።

ምክንያቱን መረዳት ይጠቅማል። የድራይቨሩን ጀርባ ብታነቡ «ኢንፑት ኤሲ 85–265 ቮልት፣ አውትፑት ዲሲ 54–86 ቮልት፣ 280 ሚሊአምፔር» የሚል ዓይነት ጽሑፍ ታገኛላችሁ። ቮልቴጁ ከዚህ እስከዚህ ተብሎ ሲጻፍ አምፔሩ ግን አንድ ቁጥር ነው። ድራይቨሩ የሚጠብቀው አምፔሩን ነው፤ ቮልቴጁን ቦርዱ ላይ ባሉት ኤልኢዲዎች ቁጥር ልክ ከፍና ዝቅ ያደርጋል። ኤልኢዲዎቹ ደግሞ እንደ መቁጠሪያ ዶቃ አንዱ ከሌላው ተከታትለው የተያያዙ ናቸው። ከመካከላቸው አንዷ ተጎድታ መንገዱ አንዴ እየተገናኘ አንዴ ሲቋረጥ ድራይቨሩ አምፔሩን ፍለጋ ቮልቴጁን ወደ ላይ ይገፋል፣ ጣሪያው ጋ ሲደርስ ራሱን ለመጠበቅ ይዘጋል፣ ትንሽ ቆይቶ እንደገና ይሞክራል። በሰከንድ አንዴ ወይም ሁለቴ ብልጭ ድርግም የሚለው ይህ ነው። ሰው ግን ብልጭታውን አይቶ «ድራይቨሩ ሄዷል» ይላል፣ አዲስ ይገዛል፣ አዲሱም ያንኑ ብልጭታ ያሳየዋል። ሳይለኩ ዕቃ መቀየር ገንዘብ ማቃጠል ነው፤ በዚህ ጉዳይ አልደራደርም።

መሰላል ላይ ከመውጣት በፊት ብሬከሩ ይውረድ። ማብሪያ ማጥፊያውን መዝጋት አይበቃም። አንዳንድ ቤት ውስጥ ማብሪያው ፌዙን (ኃይሉን የሚያመጣውን ገመድ) ሳይሆን ኒውትራሉን (የመመለሻውን ገመድ) ነው የሚቆርጠው፤ መብራቱ ይጠፋል፣ ፌዙ ግን ኮርኒሱ ላይ እንዳለ ይጠብቃችኋል። የገመድ ቀለምም ማስረጃ አይሆንም፤ የዘረጋው ሰው በእጁ ያለውን ቀለም ተጠቅሞ ሊሆን ይችላል። ቴስተሩን ሌላ ብሬከር ላይ ባለ የሚሠራ ሶኬት ሞክሩት፣ ከዚያ የመብራቱን ሁለቱንም ገመዶች ንኩበት፣ ከዚያ ተመልሳችሁ ሶኬቱ ላይ ሞክሩት። ሦስተኛው ሙከራ ቴስተሩ ራሱ መሀል ላይ እንዳልሞተ የሚያረጋግጠው ነው።

ሌላው አደጋ ካፓሲተሩ፣ ማለትም ኤሌክትሪክ የሚያከማቸው ዕቃ ነው። 220 ቮልት ኤሲ ወደ ዲሲ ሲቃና ጫፉ 311 ቮልት ገደማ ይደርሳል፤ ያ ቮልቴጅ ኃይሉ ከተቋረጠ በኋላም ድራይቨሩ ውስጥ ባለው 400 ቮልት ካፓሲተር ሊቆይ ይችላል። ድራይቨሩን የምትከፍቱ ከሆነ የካፓሲተሩን ሁለት እግሮች በ10 ኪሎ ኦም፣ 5 ዋት ሬዚስተር ለጥቂት ሰከንድ አገናኙና በመልቲሜትር ዜሮ መሆኑን እዩ። በካቻቢቴ አገናኝቶ «ጧ» ማሰኘት ካፓሲተሩንም የቦርዱን መስመርም ይጎዳል። ደግሞ ብዙዎቹ ርካሽ ድራይቨሮች የዲሲውን ጎን ከ220ው አይለዩትም። «60 ቮልት ብቻ ነው» ብሎ የበራ ቦርድ በእጅ መንካት ፌዙን እንደ መንካት ሊሆን ይችላል።

መብራቱ ከወረደ በኋላ ኮርኒሱ ላይ በቀሩት ሁለት ገመዶች መካከል ብሬከሩንና ማብሪያውን መልሶ 220 አካባቢ መኖሩን መለካት ነው። ምንም ከሌለ ጥፋቱ ከመብራቱ አይደለም። ብሬከሩን እንደገና አውርዳችሁ ማብሪያውን ወይም ስካቶላውን (ገመዶች የሚገናኙበትን ሳጥን) ክፈቱ፤ ተጠማዞ በናስትሮ ብቻ የተጠቀለለ ገመድ ሲላላ ይግላል፣ ይጠቁራል፣ ናስትሮውም ይቀልጣል። የጠቆረውን ጫፍ ቆርጦ አዲስ ገላልጦ በሞርሴቶ (በብሎን በሚጠብቅ የገመድ ማገናኛ) አጥብቆ ማሰር ነው። አንድ ነገር ግን በብርቱ ላሳስብ፦ መልቲሜትሩ ከ250 ቮልት በላይ ካነበበ፣ ወይም ምጣድ ሲሰካ አንዳንዱ መብራት ደምቆ ሌላው የሚፈዝ ከሆነ፣ ኒውትራሉ ላልቶ ወይም ተበጥሶ ሊሆን ይችላል። ዋናውን ብሬከር አውርዱና የመብራት ኃይል ሠራተኛ ጥሩ። በዚያ ሁኔታ ስንት ድራይቨር ብትቀይሩ ይቃጠላል፤ ማቀዝቀዣውና ቴሌቪዥኑም ተራቸውን ይጠብቃሉ።

ከግድግዳው ጎን ደህና ከሆነ መብራቱን ጠረጴዛ ላይ፣ ብረት በሌለበት ቦታ አድርጉት። ድራይቨሩን ከቦርዱ ጋር አገናኙ፣ መልቲሜትሩን ዲሲ 200 ቮልት ወይም ከዚያ በላይ ላይ አድርጉ፣ መለኪያውን መውጫው ላይ አስይዙ፣ ኃይሉን የምትሰጡት በመጨረሻ ነው። ቅደም ተከተሉ ወሳኝ ነው። ድራይቨሩ ኃይል እያለው ቦርዱን መሰካት አይቻልም፤ ጭነት ሳይኖረው ቮልቴጁ ከፍ ብሎ ካፓሲተሩ ውስጥ ተከማችቷል፣ በተሰካ ቅጽበት ሁሉም ኤልኢዲዎቹ ላይ ይዘረገፋል። ደህና ቦርድ በምርመራ ላይ የሚገደለው እንዲህ ነው።

ንባቡ ዜሮ ከሆነ ድራይቨሩ ሞቷል። ጽሑፉ ላይ ካለው ከፍተኛ ቁጥር በልጦ ቆሞ መብራቱ ካልበራ ድራይቨሩ እየሠራ ነው፤ የተቋረጠው ቦርዱ ላይ ነው። ቁጥሩ እየወጣ እየወረደ የሚዋልል ከሆነ ከሁለቱም ሊሆን ስለሚችል ቦርዱን ለብቻው መፈተሽ የግድ ይሆናል።

ቦርዱን ለመፈተሽ አንድ ባለ 9 ቮልት ባትሪና አንድ ባለ 1 ኪሎ ኦም ሬዚስተር ይበቃሉ። ነጭ ኤልኢዲ 3 ቮልት ገደማ ነው የሚፈልገው፤ ከ9 ላይ 3 ሲነሳ 6 ቮልት በ1 ኪሎ ኦም 6 ሚሊአምፔር ያሳልፋል። ለማብራት በቂ ነው፣ ለማቃጠል ግን አይደርስም። ሬዚስተሩን በባትሪው አዎንታዊ ጫፍ አስራችሁ የእያንዳንዷን ኤልኢዲ ሁለት ጎን ንኩ፤ ካልበራች ገልብጣችሁ ሞክሩ። የመልቲሜትሩ ዳዮድ መለኪያም አንዳንዴ ደብዘዝ ያለ ብርሃን ያሳያል፤ እኔ ግን አልተማመንበትም። በአንድ ቅርፊት ውስጥ ሁለት ወይም ሦስት የተደረቡባቸው ባለ 6 እና ባለ 9 ቮልት ኤልኢዲዎች ስላሉ፣ በዳዮድ መለኪያ ሁሉም የሞቱ ይመስላሉ። ለባለ 9ኙ ሁለት ባትሪ አከታትሎ 18 ቮልት ማድረግ ነው። ደግሞ ዓይናችሁንም ተጠቀሙ፤ ብዙውን ጊዜ የሞተችው በቢጫው መሀል ጥቁር ነጥብ አላት። ነጥብ የሌላትና ስትሞቅ ብቻ የምትቋረጥም አለች፤ በርቶ ከአሥር ደቂቃ በኋላ የሚጠፋ፣ ሲቀዘቅዝ የሚመለስ መብራት የእሷ ሥራ ሊሆን ይችላል። እሷን ለማግኘት ቦርዱ ገና ትኩስ ሳለ መፈተሽ ያስፈልጋል።

የሞተችው ከተገኘች በኋላ ሁለት መንገድ አለ። ቀላሉ ኤልኢዲዋን ነቅሎ ሁለቱን ጎን በአጭር ሽቦ በይዶ ማገናኘት ነው። ድራይቨሩ አምፔር ጠባቂ ስለሆነ 3 ቮልት ቀንሶ ይቀጥላል። ይህ የሚሠራው ግን በልኩ ነው። 20 ተከታታይ ኤልኢዲ 60 ቮልት ይፈልጋል፤ አንዷ ስትታለፍ 57፣ ሁለት ሲታለፉ 54 ይሆናል፤ ጽሑፉ ላይ ዝቅተኛው 54 ከሆነ እዚያ ላይ ይቆማል። ከሁለት በላይ የሞቱበት ቦርድ የቀሩትም ደክመዋልና መቀየሩ ይሻላል። ብዙ ፓነሎች ላይ ደግሞ ኤልኢዲዎቹ ጥንድ ጥንድ ሆነው ነው የተያያዙት፤ 40 ኤልኢዲ ማለት 20 ጥንድ ነው። ድራይቨሩ 300 ሚሊአምፔር የሚሰጥ ከሆነ ለሁለት ተከፍሎ ለእያንዳንዷ 150 ይደርሳታል። ከጥንዱ አንዷ ስትቋረጥ ሌላዋ 300ውን ብቻዋን ተሸክማ ትግላለች፣ ሳትቆይም ትከተላለች። እዚያ ላይ በሽቦ ማለፍ ማለት ጥንዱን በሙሉ ማለፍ ነው።

ድራይቨር የሌላቸው፣ 220ው በቀጥታ ቦርዱ ላይ የሚገባባቸው መብራቶችም አሉ፤ ጥቃቅኗ መቆጣጠሪያ ከኤልኢዲዎቹ ጋር እዚያው ተለጥፋለች። እነሱ ላይ ሽቦ አታሳልፉ። የተረፈው ቮልቴጅ በመቆጣጠሪያዋ ላይ ሙቀት ሆኖ ይወድቃል፣ ጊዜም አትሰጥም።

ሁለተኛው መንገድ ኤልኢዲዋን በአምሳያዋ መተካት ነው። የአሉሚኒየሙ ቦርድ ሙቀቱን ስለሚውጠው ባለ 40 ዋት መበየጃ ከላይ ሆኖ ሊዱን (የሚበየድበትን ቀላጭ ብረት) ላያቀልጥ ይችላል። ቦርዱ ከሥር መሞቅ አለበት። ካውያ ገልብጦ መጠቀም ባለ 63/37 ሊድ ላይ ይሠራል፣ 183 ዲግሪ ላይ ይቀልጣልና፤ እርሳስ የሌለበት ሊድ ግን 217 ገደማ ስለሚፈልግ ካውያ ላይደርስበት ይችላል። አዲሷ በተገቢው አቅጣጫ መቀመጥዋን ከመበየድ በፊት በባትሪው አረጋግጡ።

ድራይቨሩ ከሆነ የሞተው፣ ምትክ ሲገዛ ዋቱን ብቻ ይዞ ሱቅ መሄድ ትልቅ ስህተት ነው። «18 ዋት» 60 ቮልት በ300 ሚሊአምፔር ሊሆን ይችላል፣ 30 ቮልት በ600 ሚሊአምፔርም ሊሆን ይችላል፤ ሁለቱ አይተካኩም። የሚመሳሰለው አምፔሩ ነው፤ ቀጥሎ የቦርዱ ቮልቴጅ በአዲሱ ክልል መሀል ላይ መውደቁ። ጽሑፉ ከተላጠ ተከታታይ ኤልኢዲዎቹን ቆጥሮ በ3 (ባለ 6 ወይም ባለ 9 ቮልት ከሆኑ በዚያው ቁጥር) ማባዛት ነው። ልክ ያው አምፔር ሱቅ ካልተገኘ ዝቅ ያለውን ውሰዱ። በ300 ፈንታ 260 ወይም 280 ብርሃኑን እምብዛም አይቀንስም፣ ሙቀቱን ግን ይቀንሳል፤ ከፍ ያለው ለጥቂት ሳምንት ደምቆ ቦርዱን ይዞ ይሄዳል።

አሮጌውን ድራይቨር መጠገን የሚያዋጣው ካፓሲተሩ ሲሆን ነው። ራሱ ያበጠ ወይም ሥሩ የረጠበ ከሆነ በተመሳሳይ ማይክሮፋራድ፣ በተመሳሳይ ወይም ከፍ ባለ ቮልት፣ 105 ዲግሪ በተጻፈበት ይቀየር። መውጫው ላይ ያለው ሲዳከም መብራቱ አይጠፋም፤ በሰከንድ 100 ጊዜ ይርገበገባል። ዓይን አያየውም፣ ራስ ግን ሊያም ይችላል፤ በስልክ ካሜራ ስታዩት ጥቁር መስመሮች ይሮጡበታል። መግቢያው ላይ ያለችው ባለ 10 ኦም ገደማ ሬዚስተር ተቃጥላ ከተገኘች ግን እሷን ብቻ አትቀይሩ። የፊውዝ ሥራ ነው የሠራችው፤ ከኋላዋ ሾርት የሆነ ዳዮድ ወይም የሞተ መቆጣጠሪያ ሊኖር ይችላል። እዚያ ከደረሰ አዲስ ድራይቨር መግዛት ይሻላል።

ተጠፍቶም ደብዘዝ ብሎ የሚበራው ጉዳይ አጭር ነው። ማብሪያው ኒውትራሉን እየቆረጠ ከሆነ ፌዙን ወደ ማብሪያው ማዞር፤ ማብሪያው ላይ ትንሽ ጠቋሚ መብራት ካለች እሷን ማንሳት። ሁለቱም ካልሆነ መብራቱ መግቢያ ላይ በፌዝና በኒውትራል መካከል 0.1 ማይክሮፋራድ፣ 275 ቮልት፣ ኤክስ 2 የተባለውን ካፓሲተር ማሰር። ተራ ካፓሲተር እዚያ አይገባም።

ሰፊ ጊዜ የሚገባው ሙቀቱ ነው። ቤታችን በአብዛኛው ቆርቆሮ ክዳን፣ ከሥሩ ኮርኒስ ነው። ቀትር ላይ በቆርቆሮውና በኮርኒሱ መካከል ያለው አየር ምድጃ ይሆናል፣ ድራይቨሩ ደግሞ የሚጣለው እዚያ ነው። የካፓሲተር ዕድሜ ሙቀቱ በ10 ዲግሪ በቀነሰ ቁጥር ወደ እጥፍ ይጠጋል። ስለዚህ ድራይቨሩን ከቆርቆሮው አርቁት፣ በጨርቅ ወይም በስፖንጅ አትጠቅልሉት፣ ከፓነሉ ጀርባም ጥቂት ሳንቲሜትር ዞር አድርጉት። ቦርዱ ከብረት ሳህኑ ጋር የተያያዘባቸው ብሎኖች ሁሉ ይጥበቁ፤ ከሥሩ ነጭ ቅባት ከነበረ ደርቆ ከሆነ በስሱ አዲስ ይቀባ። አንድ ብሎን ሲጎድል ያ ጎን ይነሳል፣ የሚቃጠሉትም የዚያ ጎን ኤልኢዲዎች ናቸው።

ሲገጣጠም የድራይቨሩን ቮልትና አምፔር በማርከር የሳህኑ ውስጠኛ ፊት ላይ ጻፉት፤ ወረቀቱ ይላጣል፣ ማርከሩ ይቆያል። ከዚያ ክዳኑን ከድናችሁ ጠረጴዛው ላይ ለግማሽ ሰዓት አብሩት። ክዳን ሳይኖረው መሞከር አይበቃም፤ ሲሞቅ የሚቋረጠው የሚታየው ተከድኖ ሲግል ነው። ግማሽ ሰዓቱን ሳይርገበገብ ካለፈ ብሬከሩን አውርዱና ወደ መሰላሉ።