«እንሸከመዋለን» ከማለት በፊት ሜትር ይያዝ

ለስብሰባ መግቢያው ላይ መወጣጫ ደረጃ ያለው አዳራሽ ተይዞ «ዊልቸር የሚጠቀም ሰው ቢመጣስ?» ሲባል የተለመደው መልስ «ችግር የለም፣ እንሸከመዋለን» ነው። በቅንነት ይባላል፤ ግን መፍትሔ አይደለም። የኤሌክትሪክ ዊልቸር ሰው ሳይቀመጥበት ከ100 ኪሎ ሊያልፍ ይችላል። በእጅ የሚገፋውን ሲያነሱ ደግሞ ብዙዎች የክንድ ወይም የእግር ማሳረፊያውን ይይዛሉ። እሱ ተነቃይ ስለሆነ ደረጃው መሀል ተነቅሎ እጃቸው ላይ ይቀራል። ከአደጋውም በላይ ሰውየው የሚገባውና የሚወጣው ሌሎች ሲመቻቸው ብቻ ይሆናል። መጸዳጃ ቤት ለመሄድ አራት ሰው መጥራት ያለበት ሰው ቀኑን ሙሉ ውሃ ሳይጠጣ ይውላል።

ስለዚህ አዳራሹ ከመያዙ በፊት ሄዳችሁ ለኩ። ራምፕ (በደረጃ ፋንታ ዊልቸር የሚወጣበትና የሚወርድበት ተዳፋት) ለ1 ሳንቲሜትር ከፍታ ቢያንስ 12 ሳንቲሜትር ርዝመት ይፈልጋል። 15 ሳንቲሜትር ከፍታ ያላት አንዲት ደረጃ 1.80 ሜትር ትጠይቃለች፤ እያንዳንዳቸው 17 ሳንቲሜትር የሆኑ ሦስት ደረጃዎች ግን 6 ሜትር ከ12 ሳንቲሜትር። ስህተቱ የሚበዛው እዚህ ላይ ነው፦ ሁለት ሜትር ጣውላ ሦስቱም ደረጃ ላይ ይጋደምና «ራምፕ አለን» ይባላል። እንዲህ በቆመ ጣውላ ላይ ሲወጣ ዊልቸሩ ወደ ኋላ ሊገለበጥ፣ ሲወርድም ትንንሾቹ የፊት ጎማዎች መሬት ላይ ተሰንቅረው ሰውየውን ወደ ፊት ሊጥሉት ይችላሉ። የራምፑ ስፋት ከ90 ሳንቲሜትር አይነስ፤ ግራና ቀኙ ጎማ እንዳያመልጥ ጠርዝ ይኑረው፤ ላይኛው ጫፍ እንዳይንሸራተት ይታሰር። ለርዝመቱ የሚሆን ቦታ ከሌለ ሌላ አዳራሽ ፈልጉ።

በር ስትለኩ ክፈፉን ተዉት። በሩ 90 ዲግሪ ተከፍቶ የሚተርፈው ክፍተት ነው ቁም ነገሩ፤ ቢያንስ 80 ሳንቲሜትር። መጸዳጃ ቤቱ ውስጥ ዊልቸር የሚዞርበት 1.50 ሜትር ክብ ባዶ ቦታ ያስፈልጋል፤ በሩም ወደ ውጭ ቢከፈት ይሻላል፣ ምክንያቱም ውስጥ የወደቀ ሰው ወደ ውስጥ የሚከፈተውን በር ይዘጋዋል። «የአካል ጉዳተኞች» ተብሎ የተጻፈበትን ክፍል ሳትከፍቱ አትመኑ፤ ብዙ ጊዜ መወልወያና የተሰበረ ወንበር የሚከማችበት እሱ ነው።

ተደራሽነት በራምፕ አያበቃም። ለረጅም ስብሰባ ሁለት የምልክት ቋንቋ አስተርጓሚዎች ያዙ፤ በየ20 ደቂቃው ገደማ ካልተቀያየሩ ድካሙ ትርጉሙን ያበላሻል። መስኮት ጀርባቸው ላይ ከሆነ ፊታቸው ይጨልማል፣ ስለዚህ ብርሃኑ ከፊት ይምጣ። ለዓይነ ስውራን ሰነዱን ቀደም ብላችሁ በጽሑፍ ፋይል ላኩ፤ ፎቶ የተነሳን ገጽ ስክሪን ሪደር (ጽሑፍን በድምፅ የሚያነብላቸው ፕሮግራም) ብዙ ጊዜ አያነበውም።

ግምት ግን ጥያቄን አይተካም። ጥሪው ላይ «ለመሳተፍ ምን ያስፈልግዎታል?» ብላችሁ ጻፉ፣ መልሱን የሚቀበለውን ሰው ስምና ስልክም አስቀምጡ። አስተርጓሚ ለማግኘት ጊዜ ስለሚወስድ ጥሪው ሳምንታት ቀድሞ ይውጣ። ሲያግዙ የሚውሉ ሰዎችም ተራ ይያዝላቸው፤ አንድ ሰው ብቻ ከተመደበ እሱ የታመመ ቀን ሁሉም ነገር ይቆማል።

የመርሐ ግብሩን ቅደም ተከተልም አስቡበት። መኪና በሰዓት ያስያዘ፣ ወይም ሕመሙ ከሁለት ሰዓት በላይ የማያስቀምጠው ሰው እስከ መጨረሻው አይቆይም። ድምፅ የሚሰጥበት ጉዳይ ከእረፍት በፊት ይቅረብ፤ ማስታወቂያና ምስጋናው ወደ ኋላ ይሂድ።