ሻምፓኝ አትግዙ፣ ኮኩ ላይ ተጨነቁ

ሰመር ሲገባ እዚህ ዲሲ አካባቢ ቅዳሜና እሁድ ማለት ግሪል ማለት ነው፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ብትሄዱ አሌክሳንድሪያ ብትሄዱ የሆነ ሰው ጓሮ ውስጥ ስጋ ይጨሳል፣ ምርቃት አለ፣ ክርስትና አለ፣ ምንም ከሌለም "እስቲ ኑ ዝም ብለን እንጫወት" አለ። በምግብ አንታማም። መጠጡ ላይ ግን ሁሌ ያው ነን፤ ኩለር ሙሉ ቢራ፣ አንድ ጥግ ውስኪ፣ ጠረጴዛ ላይ ደሞ ፀሀይ የሚሞቅ ቀይ ወይን። በ95 ፋራናይት ቀይ ወይን ማን ይጠጣል በናታችሁ? አንዳንዱ ኮካ ይቀላቅልበታል፣ አልፈርድበትም፣ ጉደር በኮካ ሲጠጣ እያየን ነው ያደግነው።

ስለዚህ ግብዣ ሲኖር የኔ ድርሻ መጠጡ ከሆነ ቆይቷል፣ የምሰራውም አንድ ነገር ነው፤ የተፈጨ ኮክ (ኮካውን ሳይሆን ፍሬውን፣ ፒቹን ማለቴ ነው) ከስር፣ በጣም የቀዘቀዘ ስፓርክሊንግ ማለትም ጋዝ ያለው ወይን ከላይ። "አሰራሩን ላኪልኝ" የሚለኝ ሰው ስለበዛ አንዴ እዚህ ልጻፈውና ልገላገል ብዬ ነው።

ነገርየው የኔ ፈጠራ አይደለም። ቤሊኒ ይባላል። ቬኒስ ውስጥ ሃሪስ ባር የሚባል ቤት አለ፣ ጁሴፔ ቺፕሪያኒ የሚባል ሰውዬ ነው በፈረንጆቹ 1931 የከፈተው፣ ይቺንም መጠጥ በ1948 እሱ ፈጠራት ይባላል፣ ሮዝ መልኳን አይቶ በድሮው የቬኒስ ሰዓሊ በጆቫኒ ቤሊኒ ስም ጠራት። እነሱ የሚሰሩት በነጭ ኮክ ነው፣ ማለት ውስጡ ነጣ ያለው፣ ሽታው የሚያዞረው፣ ኮምጣጣነቱ ያነሰው። ካገኛችሁ እሱን ግዙ። ካላገኛችሁ ቢጫውም ይሰራል፣ ትንሽ ይኮመጥጣል እንጂ።

እሺ ወይኑ። ሰው መጀመሪያ የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው፣ ለክብር ብሎ 60 ዶላር ሻምፓኝ ይገዛና ኮክ ይደፋበታል። እውነተኛው ሻምፓኝ ጋዙን የሚያገኘው እያንዳንዱ ጠርሙስ ውስጥ ሁለተኛ ጊዜ ፈልቶ ነው፣ ከዛም ከእርሾው ጋር ብዙ ጊዜ ይተኛል፣ ያ ዳቦ ዳቦ የሚል ሽታ የሚመጣው ከዛ ነው፣ ብራችሁም የሚሄደው ለሱ ነው። ኮክ ሲገባበት ያ ሁሉ ልፋት ድራሹ ይጠፋል። ፕሮሴኮ የሚባለው የጣሊያን ስፓርክሊንግ ግን ሁለተኛውን ጊዜ የሚፈላው ትልቅ ታንከር ውስጥ ነው፣ ስለዚህ ይረክሳል፣ የፍሩት ሽታውም እንዳለ ይቀመጣል፣ ከኮክ ጋር ደሞ ሀገር ልጆች ናቸው፣ ሁለቱም ቬኒስ ዙሪያ የሚገኙ። የስፔኑ ካቫም ጥሩ ነው። 12 ወይ 15 ዶላር በቂ ነው፣ የቀረውን ኮክ ግዙበት።

ጠርሙሱ ላይ ያለውን ጽሁፍ ግን በደንብ እዩ። "ብሩት" የሚለው በሊትር ከ12 ግራም ያልበለጠ ስኳር ነው ያለው፣ "ኤክስትራ ድራይ" የሚለው ከ12 እስከ 17፣ "ድራይ" የሚለው ደሞ ከ17 እስከ 32። አዎ፣ ድራይ ተብሎ ከሶስቱም ይጣፍጣል፣ እኔ አይደለሁም ያወጣሁት። ለኮክና ለማንጎ ብሩት ውሰዱ ምክንያቱም ስኳሩን ፍሩቱ ይዞት ይመጣል። የኛ ሰው የሚወደው ሞስካቶ ከነዚህ ጋር በጣም ይከብዳል፣ እሱን ለፓሽን ፍሩት አስቀምጡት፣ ኮምጣጣው ላይ ጣፋጩ ሲገባ ልክ ይመጣል። ሜሪላንድ ያላችሁ ደሞ ሱፐርማርኬት ወይን እንደልብ እንደማይገኝ ታውቃላችሁ፣ ቀኑ ደርሶ ከመሯሯጥ ወደ ቨርጂኒያ የሚሻገር ሰው ሲገኝ ቀድሞ ማስያዝ ነው።

ኮኩን ከሁለት ሶስት ቀን በፊት ግዙት፣ ሱቅ ያለው አብዛኛው ጠጣር ነው። ወረቀት ከረጢት ውስጥ ከሙዝ ጋር አስቀምጡት፣ ሙዝ የሚያወጣው ጋዝ ያበስለዋል። ሽታው ኩሽናውን ሲሞላውና ከዛፉ ጋር የተያያዘበት ጋ በአውራ ጣት ጫን ስትሉት እሺ ሲል ደርሷል ማለት ነው። ከዛ ታቹን በቢላ መስቀል ነገር ጫር አርጉና የፈላ ውሀ ውስጥ ለግማሽ ደቂቃ፣ ወዲያው አውጥታችሁ በረዶ ያለበት ውሀ ውስጥ። ቆዳው በጣት ሲነካ ሸርተት ብሎ ይወርዳል፣ ከስሩ ቢጫው ላይ ሮዝ ጥላ ያለበት ያማረ ስጋ ይወጣል፣ ፍሬው አካባቢ ደሞ ጠቆር ያለ ቀይ አለ፣ እሱን እንዳትጥሉት፣ መልኩን የሚሰጠው እሱ ነው። ነጩ ኮክ መልኩ ከደበዘዘባችሁ ሶስት አራት ራስፕቤሪ ጣል አርጉበት።

ብሌንደር ውስጥ ሲገባ ሎሚውን አብራችሁ ጨምሩ፣ ለአንድ ኪሎ ኮክ አንድ ትልቅ ማንኪያ ጭማቂ ይበቃል፣ ሎሚ ከሌለ እያያችሁት ይጠቁራል። ከዛ በወንፊት አጥልሉት። ይሄን ስራ መዝለል የሚፈልግ አለ፣ አትዝለሉ፣ ጭራም ኮክ ጥርስ ውስጥ ይገባል። ቀምሱት፣ ማጣፈጫ ካስፈለገው ስኳር ቀቅላችሁ ከምትለፉ ማር በእኩል ለብ ያለ ውሀ በጥብጡና በማንኪያ በማንኪያ ጨምሩበት፣ ብርዝ ማለት ነው፣ ኮክና ማር ደሞ የሚገርም ነው የሚስማሙት። ከዛ ፍሪጅ፣ ቢያንስ ሶስት አራት ሰአት። ከማታው ብታዘጋጁት ይሻላል።

ቅዝቃዜው ላይ ድርድር የለም። ወይኑ ከ6 እስከ 8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ መሆን አለበት፣ ኮኩም እንደዛው፣ አንዱ ሞቅ ካለ አረፋው ገንፍሎ ጠረጴዛው ላይ ይፈሳል ጋዙም አብሮ ይሄዳል። ከረፈደባችሁ ባልዲ ውስጥ በረዶ ብቻ ሳይሆን በረዶና ውሀ፣ ላዩ ላይ አንድ እፍኝ ጨው፣ ግማሽ ሰአት ይበቃዋል። ፍሪዘር ውስጥ ከትቶ መርሳት ግን ጠርሙስ ማፈንዳት ነው።

አከፋፈቱ ደሞ ሰርግ ላይ እንደምናየው አይደለም። ሻምፓኝ ውስጥ ያለው ግፊት የመኪና ጎማ ውስጥ ካለው ከእጥፍ በላይ ነው፣ ቡሹ አይን ያጠፋል። ሽቦውን አላሉና አውራ ጣታችሁን ቡሹ ላይ አርጋችሁ በፎጣ ያዙት፣ ጠርሙሱን ወደ ሰው ሳይሆን ወደ አጥሩ ዘንበል፣ ከዛ ቡሹን ሳይሆን ጠርሙሱን አዙሩት። ጢሽ ብሎ ብቻ ይወጣል። ህጻናቱ "ጷ ይበል እንጂ!" ብለው ያኮርፋሉ፣ ይልመዱት።

አቀዳዱ፤ ብርጭቆው ውስጥ መጀመሪያ 50 ሚሊ ኮክ፣ ከዛ 100 ሚሊ ወይን፣ ግን በአንዴ አይደለም። ብርጭቆውን አጋድማችሁ በጎኑ ትንሽ ቅዱ፣ የኮኩ ደቃቅ ነገር ጋዙን ስለሚያስወጣው አረፋው ሽቅብ ይነሳል፣ ሮዝ ሆኖ እስከ አፉ ይደርሳል፣ ጠብቁት፣ ዝቅ ሲል በረጅም ማንኪያ ከስር ወደ ላይ አንዴ ብቻ አንሱት፣ ከዛ ቀሪውን ቅዱ። ቀጭኑ የሻምፓኝ ብርጭቆ ለዚህ አይመችም፣ የነጭ ወይን ብርጭቆ ይሻላል። በረዶ አትጨምሩ፣ ያቀጥነዋል፣ በምትኩ የማንጎ ቁራጭ ወይ ወይን ፍሬ ፍሪዘር ውስጥ በረዶ አርጋችሁ እሱን ጣል አርጉ። በጆግ በርዞ ጠረጴዛ ላይ ማስቀመጥ የሚባለውንም እርሱት፣ በሀያ ደቂቃ ጋዙ ሄዶ ኮክ ጁስ ነው የሚቀረው። ኮኩ በጆግ በረዶ ላይ፣ ወይኑ በባልዲ፣ እያንዳንዱ ሰው ሲመጣ መቅዳት። አዎ ሰው ይፈልጋል፣ እኔ የማላወራቸው ዘመዶች ሲመጡ ደስ ብሎኝ ነው እዛ የምቆመው።

አንድ ሰው ደሞ ሁሌ አለ፣ ስፕራይት ይዞ የሚመጣ። ቱርቦ የለመደ ነው፣ ቢራና ነጭ ወይን በስፕራይት ሲጠጣ የኖረ። ተዉት ቱርቦውን ለብቻው ይስራ፣ ኮኩን ግን አያስነካችሁ።

በዚህ ሰመር አንድ እናት መጡ፣ ከጠጅ ሌላ የማይቀምሱ፣ "እትዬ ትንሽ ይቅመሱልኝ" ብዬ ሰጠኋቸው። ሽታውን ሳብ አረጉና ግማሹን አወረዱት፣ "ይሄ ጁስ ነው አይደል ልጄ?" "አይ እትዬ፣ ወይን አለበት።" ብርጭቆውን አዩት፣ እኔን አዩኝ፣ "እንግዲያ ሰውየውን አታቅምሺው፣ እሱ ነው የሚነዳልኝ" ብለው ቀሪውን ጨረሱት። እውነታቸውን ነው፣ ፕሮሴኮ 11 ፐርሰንት አካባቢ አልኮል አለው፣ ኮኩ ስለሚሸፍነው ሰው ሳያውቀው ሶስተኛው ላይ ይደርሳል። ስትሰጡ ንገሩ።

ለማይጠጣ ሰው አምቦ ውሀ። የሀበሻ ሱቅ ሁሉ አለ፣ ጋዙ ጠንካራ ነው፣ ያቺ ጨው ጨው የምትለው ማዕድን ደሞ ኮኩን ታነሳዋለች። ኮክ የሚጥመው ጁላይና ኦገስት ነው፣ ኦገስት 7 ደሞ ፍልሰታ ይገባል፣ ስለዚህ ከግማሽ በላይ ሰው አምቦውን የሚጠጣበት ግብዣ ይኖራችኋል፣ ሁለቱም እኩል በረዶ ላይ ይቀመጥ፣ የአምቦው ላይ አንድ ቅጠል ናና ብቻ ጨምሩበት እንዲለይ። እዚህ ሀገር "ኖን አልኮሆሊክ" ተብሎ የሚሸጠው ወይን እስከ ግማሽ ፐርሰንት አልኮል ሊኖረው ይችላል፣ በሃይማኖት ለማይጠጣ ሰው እሱን አትስጡ።

ኮክ ከሌለስ? ማንጎ፣ ትንሿ ቢጫዋ፣ ጭራም የሌላትን። ወፍራም ስለሆነች 30 ሚሊ ይበቃል፣ ሎሚ በዛ፣ ዝንጅብል ጨምቃችሁ ጥቂት ጠብታ። እንጆሪም ያምራል፣ እሱ ሮሲኒ ይባላል፣ መፍጨት ማጥለል ብቻ ነው። ሀብሐብ ሞክሬ አልወደድኩትም፣ ውሀ ነው። ከምግብ ጋር ከሆነ ደሞ አዋዜ ያለበት ጥብስ ላይ ኮኩን ነው የማቀርበው፣ ጣፋጩ በርበሬውን ያበርደዋል። ክትፎ ላይ ግን ወይኑን ብቻውን ያለ ፍሩት ስጧቸው፣ ቅቤው ላይ ጋዙ ጥርግ አርጎ ነው የሚያልፈው።

መጠን ለሚጠይቁ፤ ለ20 ሰው ሁለት ሁለት ብርጭቆ ካሰባችሁ 6 ጠርሙስ ወይንና 3 ኪሎ ኮክ ነው፣ አምቦ የሚጠጡትን ቀንሱ። የተረፈ ኮክ የበረዶ ማውጫው ውስጥ ይግባና ፍሪዘር፣ ለሚቀጥለው ግብዣ እሱ ራሱ በረዶ ይሆናል። የተከፈተ ወይን ደሞ አንገቱ ላይ ማንኪያ ሰክቶ ማሳደር ምንም አይጠቅምም፣ ለሻምፓኝ የሚሰራ ጥብቅ ክዳን ካላችሁ እስከ ነገ ይቆያል፣ ከሌላችሁ እቃ አጣቢው ይጨርሰው።